የእናቴ ስም ጣሪያ ላይ

አጎቴ የሰውን ስም ትርጉም የሚያገኘው ከጫማው ነው። ደንበኛ በሩን ገፋ አድርጎ ሲገባ ሌላው ባለሱቅ ፊት ያያል፤ እሱ ግን መነጽሩን አፍንጫው ጫፍ ላይ አውርዶ መጀመሪያ የሚያየው ወደ ታች ነው። ጫማው የተወለወለ ከሆነ ስሙ ከነገሥታት ወገን ይሆናል። ተረከዙ የተበላ ከሆነ «ታጋሽ» ወይም «ልበ ትሑት»። ባለ ረጅም ተረከዝ ጫማ ያደረገች ሴት ያለ ጥርጥር የባሕር ዕንቁ ናት። የቀረውን መሳቢያው ይጨርሰዋል። መሳቢያው ውስጥ ትርጉማቸው አስቀድሞ የታተመ፣ ከላይ ግን የስሙ ቦታ ባዶ የተተወ ወረቀቶች ተከምረዋል። ሻይ ውስጥ እየነከረ ከጓሮ በልብስ ገመድ ላይ ስለሚያሰጣቸው ያረጀ ብራና ይመስላሉ። ደንበኛው ፍሬም ሲያማርጥ አጎቴ ዞር ብሎ ስሙን ይሞላል። እኔ መስታወት እቆርጣለሁ፣ ጠርዙን እሞርዳለሁ፣ ጀርባውን በካርቶን እዘጋለሁ። ከዚያ ሰውየው ዕድሜ ልኩን ሲጠራበት የኖረውን ስም ገና ዛሬ እንደገዛው ልብስ ደረቱ ላይ ለጥፎ ይወጣል።

ሰፈሩ «ፕሮፌሰር» ይለዋል። መጀመሪያ ለቀልድ የወጣለት ስም ነው። ቀልዱ አልገባውም፤ ወይም ገብቶት ጠቅሞታል።

«በአንዳንድ አገር» ብሎ ይጀምራል፣ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ፣ «ሰው የቅድመ አያቱን ሙያ ነው ስሙ የሚያደርገው። ወፍጮ ቤት የነበረው ወፍጮኛው ይባላል። ዛሬ የልጅ ልጁ ባንክ ቤት ከረባት አስሮ ተቀምጦ፣ ወፍጮ በሥዕል እንኳ ሳያይ፣ አቶ ወፍጮኛው ይሉታል። ሌላ አገር ደግሞ ልጅ በተወለደበት ቀን ይጠራል፤ የማክሰኞ ልጅ የማክሰኞ ስም አለው። ሞት እንዳይወስድባቸው ብለው ሆን ብለው አስቀያሚ ስም የሚያወጡም አሉ። የእርስዎ ስም ግን…»

እስከዚህ ድረስ እውነት ነው፤ ከአንድ ሽፋኑ ከወለቀ መጽሔት ላይ ያነበበው ነው። «የእርስዎ ስም ግን» ካለ በኋላ ያለው የመሳቢያው ነው። እዚያች ላይ ዝም ይላል። ትልልቅ ሰዎች፣ ልጅ ያሳደጉ፣ ሰው ቀጥረው የሚያሠሩ ሰዎች፣ በዚያች ዝምታ ውስጥ ማንኪያ እንደሚጠብቅ ሕፃን አፋቸውን ከፍተው ይቆማሉ። መስታወት እየቆረጥኩ በጎን አያቸዋለሁ። አንድ ጠበቃ ነበር፤ ሰው ሲዋሽ ከአተነፋፈሱ አውቃለሁ እያለ በየካፌው የሚፎክር። «የአንበሳ ጥላ» የምትለዋን ወረቀት ተቀብሎ፣ ዓይኑ እንባ አቅርሮ፣ አጎቴን እጅ ነስቶ ወጣ። በዚያው ሳምንት ያቺው የአንበሳ ጥላ ለጎማ ጠጋኙም ደርሳዋለች። ያን ቀን ሰርግ ተጠርቶ አዲስ ጫማ አድርጎ ነበር።

ይህ ሁሉ ባልከፋ። ሰው መሞኘት ከፈለገ ምን ቸገረኝ። የከፋው መስኮቱ ነው።

አጎቴ እንዳለው ሰው የስሙ ትርጉም ጥሩ እንደሆነ ካመነ አይገባም፤ መጥፎ ይሆን ይሆናል ብሎ መስጋት አለበት። ስለዚህ መንገደኛውን የሚያስደነግጥ አንድ ትልቅ ጥቁር ፍሬም መስኮቱ ላይ ሊሰቅል አሰበ። ከላይ አንድ ስም፤ ከሥሩ «ከጥንታዊ የባሕር ማዶ ቋንቋ የመጣ። ትርጉሙ፦ የተረሳች»፤ ከታች በቀይ ቀለም «የእርስዎስ?»። ያስቸገረው የማን ስም ይጻፍ የሚለው ብቻ ነበር። ከተማው ውስጥ የሚጠራበት ሰው ካለ ድንጋይ ይዞ ይመጣል። በአካባቢው ማንም የሌለው ስም መሆን ነበረበት፤ እንዲህ ያለ ስም ደግሞ አጎቴ አንድ ብቻ ነው የሚያውቀው። የገዛ እህቱን፣ የእናቴን።

መስታወቱን አልቆርጥም አልኩት።

«የሞተ ሰው ይከስሰኛል ብለህ ፈርተህ ነው?» አለና ራሱ ቆረጠው። አጣሞ ቆረጠው። ጥጉ ላይ ክፍተት ስላለው አቧራ እየገባ ከስሟ መጀመሪያ ፊደል ሥር ይጠራቀማል። በየጠዋቱ ሱቁን ስከፍት ሳላየው ለማለፍ እሞክራለሁ፤ ግን የተረሳ ነገር መሆኑ ቀርቶ በመንገዱ ላይ ከሁሉ በፊት ዓይን ውስጥ የሚገባው እሱ ነው።

እናቴ ያንን ስም ያገኘችው ከመንገድ ነው። አያቴ የጭነት መኪና ሹፌር ነበር። ነፍሰ ጡር ሚስቱንና ያኔ ገና ልጅ የነበረውን አጎቴን ከፊት አስቀምጦ ሲጓዝ፣ ዝናብ ላይ፣ በማያውቁት ከተማ ምጥ መጣ። ያንኳኩበት በር ሁሉ ወይ ዝም አለ፣ ወይ «ወደዚያ ሂዱ» አለ። በመጨረሻ አንዲት ባለሱቅ ከፈተችላቸው፤ ከሩቅ አገር የመጣች፣ ቋንቋቸውን የማትሰማ ሴት። ጆንያዎቹን ወደ ጥግ ገፋች፣ ፋኖሱን ከሚዛኑ ጎን ሰቀለች፣ እጅጌዋን ሰበሰበች። እናቴ እዚያ ተወለደች። አያቴ ሴትዮዋን ስምሽ ማን ነው ብሎ በእጁ ጠየቃት፣ ደረቷን ነካ አድርጋ ነገረችው፤ ያንኑ ለልጁ ሰጠ። ምን ማለት እንደሆነ አልጠየቀም። ቢጠይቅስ በምን ቋንቋ? እናቴ ይህን ለእኔና ለእህቴ ስትነግረን ሁልጊዜ በአጎቴ ታሳብቃለች፤ «እሱ ጆንያ ላይ ቁጭ ብሎ ስኳር ይልስ ነበር» ትላለች። እንግዲህ የስሙን የመጀመሪያ ባለቤት በዓይኑ ያየ፣ አሁን በሕይወት ያለ ሰው አጎቴ ብቻ ነው። ያ ሰው ነው «የተረሳች» ብሎ የጻፈው።

እህቴ ሴት ልጅ ከወለደች በእናታችን ስም ልትጠራት ለእናታችን በሕይወት እያለች ቃል ገብታላታለች። እርግዝናዋ ከባድ ስለነበር ከአልጋ ሳትወርድ ነው የከረመችው፤ ወደ ሱቁ አልመጣችም፣ መስኮቱንም አላየችም። እኔም በዚያ ሁኔታዋ ላይ አልነገርኳትም። ሴት ልጅ ተወለደች። አማቷ ቤተሰቡን ለምሳ ጠርታ ስሙ በዚያው እንዲቆረጥ አዘዘች፤ ያዘዘችውም አጎቴ ባለበት እንዲሆን ነው። ስለ ስም የሚያውቅ ሰው በቤተሰቡ መኖሩ ለካ ኩራት ኖሯል።

አማቷ ሰርግ አዳራሽ ታከራያለች። አሮጌው አዳራሽ ጠቧት ከቤቷ ፊት ለፊት አዲስ ባለ ፎቅ አቁማለች፤ የቀረው ስሙ ብቻ ነው። ፊደል የሚተከልበት ብረት ጣሪያው ላይ ከቆመ ሰንብቷል፤ እርግብ ያርፍበታል። ስም ፍለጋ አጎቴ ዘንድ ትመላለስ ነበር። አንዱን «ይሄ የፋርማሲ ነው» ትለዋለች፣ ሌላውን «ይሄ የልብስ ሳሙና ይመስላል»። ስትወጣ መስኮቱን አየት አድርጋ «ይቺን ምስኪን አሁንም አላወረድካትም?» ትላለች። የምስኪኗ ስም የማን እንደሆነ አታውቅም። እናቴ በልብስ ማጠቢያ ድርጅት ስትሠራ የዚችን ሴትዮ አዳራሽ የጠረጴዛ ልብሶች ለዓመታት አጥባለች፣ ተኩሳለች፤ ከዚያም ልጇን ለልጇ ድራለች። ሴትዮዋ እናቴን «የልጅቷ እናት» ከማለት በቀር ጠርታት አታውቅም።

ሳሎኗ ውስጥ ሶፋዎቹ ከተገዙበት ላስቲክ አልወጡም። ስትቀመጥ ይንጫጫል፤ ስትነሳ ከሱሪህ ጋር ይነሳል። የእህቴ ባል ከእናቱ ጎን ስልኩን እየነካካ ተቀምጧል። መነጽር ሻጭ ነው፤ ሌላውን ሲያሳይ ይውላል። አጎቴ የክት ኮቱን ለብሷል። እህቴ ሕፃኗን ታቅፋ ከበሩ አጠገብ ናት፣ እኔ ከጎኗ።

«እሺ» አለች ባለ አዳራሿ፣ አፏን በናፕኪን ጠራርጋ። «እናትየዋ ያሰበችው ካለ እንስማ። ከዚያ ፕሮፌሰር ይናገራል።»

እህቴ ስሙን ተናገረች።

«ማን?»

ደገመችላት።

«ይቺ የመስኮቷ አይደለችም እንዴ?» አለች ባለ አዳራሿ ወደ አጎቴ ዞራ። «የተረሳችዋ?»

«የእናቴ ስም ነው፣ እማማ» አለች እህቴ።

«የእናትሽ ስም ይሄ ነበር?» አለችና ሳቋን ለመያዝ ውኃ ጠጣች። «አይ፣ ነፍስ ይማር። ግን እንዲያው እውነቱን ለመናገር፣ የልጅ ልጄን በገዛ እጄ የተረሳች ብዬ አልጠራም።»

እህቴ አልገባትም። እኔን አየችኝ። «ምን መስኮት?»

አጎቴ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ጋሼ የእማዬን ስም መስኮት ላይ ሰቅሎታል» አልኳት። «የተረሳች ብሎ። ደንበኛ መጥሪያ።»

እህቴ ሕፃኗን ከግራ ክንዷ ወደ ቀኝ አዛወረቻት፣ ከዚያ መልሳ ወደ ግራ። ከዚያ አጎቴን፣ ድምፅዋን ሳታነሳ፣ «ጋሼ፣ ንገራቸው» አለችው። «ስሙ ከየት እንደመጣ ንገራቸው። አንተ እኮ እዚያ ነበርክ።»

አጎቴን አየሁት። የሚጠበቅበት ትንሽ ነገር ነበር፤ መስኮቱ ላይ ያለውን ከራሴ ነው የጻፍኩት ማለት። ላቡን ከግንባሩ ጠረገ። ዓይኑ በሳሎኑ መስኮት አልፎ እርግቦቹ ያሉበት ብረት ላይ ሄደ፣ ተመለሰ። መነጽሩን አውልቆ በከረባቱ ጫፍ መወልወል ጀመረ። ያኔ የሚመጣው ታወቀኝ፤ መነጽሩን የሚወለውለው መሳቢያው ሲከፈት ነው።

«እሜቴ» አለ። «ይህ ስም ሁለት ሥር አለው።»

«የለውም» አልኩ።

«አንተ ዝም በል።»

«ሥር የለውም። የአንዲት ባለሱቅ ስም ነው።» ብዬ የዝናቡን፣ የጆንያውን፣ የፋኖሱን ነገር ነገርኳቸው። እንደማስበው አድርጌ አልነገርኩትም፤ ብቻዬን ስሆን እንደዚያ አምሮ የሚመጣልኝ ነገር እነሱ ፊት ሲሆን ተሰባበረብኝ። ባለ አዳራሿ እንደ ሒሳብ ሠራተኛ ራሷን እየነቀነቀች አዳመጠችኝ።

«ባለሱቅ» አለች ስጨርስ። «እሺ። ምን ትሸጥ ነበር?»

«አላውቅም። ስኳር።»

«ስኳር። አንተ ልጅ፣ ምን ድረስ ነው የተማርከው?»

«አሥራ ሁለተኛ ጨርሻለሁ።»

«እኔም የጨረስኩት እዚያው ነው፤ ከዚያ በኋላ ግን ሥራ ያዝኩ።» ልጇ ስልኩ ላይ እንዳለ ሳቀ። «ቀጥል፣ ፕሮፌሰር።»

አጎቴ ቀጠለ። ዓይኑን በጨው ታጥቦ ቀጠለ። «ልጁ የሚለው የቤተሰብ ጨዋታ ነው፤ ሳይንስ አይደለም። የመጀመሪያው ሥር፣ የደጋ ሰዎች የሚሉት፣ እውነት ነው፣ የተረሳች ነው። የባሕረኞቹ ሥር ግን ከሱ ይቀድማል። በነሱ አፍ ይህ ስም…» ዝም አለ። ያቺው ዝምታ። ባለ አዳራሿ አፏን ከፈተች፤ የእህቴ ባል እንኳ ስልኩን ዝቅ አደረገ። «በነሱ አፍ ‹በሯን የማትዘጋ እመቤት› ማለት ነው። ንጉሥ ቢመጣ፣ መንገደኛ ቢመጣ፣ በሷ ደጅ እኩል ይገባል።»

ከአያቴ ታሪክ ዝናቡን ጣለ፣ ጆንያውን ጣለ፣ ፋኖሱን አጠፋ፣ ሴትዮዋን አባረረ፤ በሩን ብቻ ነቅሎ ወሰደ። ያም ሆኖ እህቴ ፊቷ ሲፈታ አየሁ። ዋሽቶም ቢሆን አዳነው ብላ ነው። እውነቱን ለመናገር እኔም ለአፍታ እንደዚያው መስሎኝ ነበር።

«በሯን የማትዘጋ እመቤት» አለች ባለ አዳራሿ፣ ቀስ ብላ፣ እንደምትቀምስ። ላስቲኩን እያንጫጫች ተነሳች። መስኮቱ ዘንድ ሄዳ ጀርባዋን ሰጥታን ቆመች፣ አዲሱን ሕንፃ እያየች። «ንጉሥ ቢመጣ፣ መንገደኛ ቢመጣ» አለች። ከዚያ ሳትዞር፣

«ስንት ፊደል ነው?» ብላ ጠየቀች።

አጎቴ በጣቱ ቆጠረ።

«ብረቱ ይበቃል?»

«ይተርፋል፣ እሜቴ።»

«እማማ» አለች እህቴ፣ «ለልጄ ነው እኮ።»

«ለልጅሽ ሌላ ይገኛል። ስም ሞልቷል፤ አጎትሽ መሳቢያ ሙሉ አለው። ለአዳራሽ የሚሆን ስም ግን ተለቅሶም አይገኝም፤ ስንት ጊዜ ተመላለስኩ።»

«ሁለቱም ቢጠሩበትስ?» አለ የእህቴ ባል። እናቱ ፊት እንዲህ ያለ ነገር ሲናገር የሰማሁት ያን ቀን ብቻ ነው።

«ሰው በአዳራሽ ስም ተጠራች ይላታላ። ትምህርት ቤት ኪራይሽ በቀን ስንት ነው ይሏታል። ልጅህን መሳቂያ ልታደርግ ነው?»

«እሱም አለ» አለና ወደ ስልኩ ተመለሰ። ጀግንነቱ እዚህ ላይ አለቀ።

እህቴ አጎቴን ብቻ ነው ታይ የነበረው። «ጋሼ፣ አይሆንም በላቸው። ውሸቴን ነው በላቸው።»

«ኧረ ልጄ» አላት፣ በዚያ ለደንበኛ በሚያወጣው ድምፅ፣ «ይሄ እኮ ክብር ነው። እናትሽ ዕድሜዋን ሙሉ ምድር ቤት እንፋሎት ውስጥ ነው የኖረችው። አሁን ጣሪያ ላይ ልትወጣ ነው።»

ይህን ሲል ዓይኑ እርጥብ ነበር። ከሁሉ የሚያስጠላኝ ይህ ነው፤ የራሱን ወረቀት ራሱ ሲገዛ።

ለሕፃኗ ስም እዚያው በዚያው ወጣላት። አጎቴ ወደ ታች አየ፤ ልጅቷ ገና ጫማ ስለሌላት የአያቷን ጫማ አየ። ባለ ረጅም ተረከዝ ነበር። የባሕር ዕንቁ ሆነች።

አዳራሹ የተመረቀው ልጅቷ መቀመጥ ስትጀምር ነው። ፊደሎቹ ቀይ ናቸው፤ አንዱ በርቶ ሌላው እየተከተለ ስሙን ይጽፉና አብረው ይጠፋሉ፣ እንደገና ይጀምራሉ። በዋናው በር በኩል እኔ ያልነካሁት፣ አጎቴ ሌላ ዘንድ ያሠራው የሰው ቁመት የሚያህል ፍሬም ቆሟል፤ ባሕረኞቹም፣ ንጉሡም፣ መንገደኛውም አሉበት። አጎቴ ከጎኑ ቆሞ ለሚገባው ሁሉ ያስረዳል። በሯን የማትዘጋዋ እመቤት በር ላይ ደግሞ ሁለት ዘበኞች የጥሪ ወረቀት ያላመጣውን ይመልሳሉ። እኔም ወረቀት ስላልነበረኝ መለሱኝ። ተናድጄ አልሄድኩም፤ ዞሬ በጓሮ በኩል አለፍኩ። የልብስ ማጠቢያው መኪና ቆሞ ሴቶች የተጣጠፉ የጠረጴዛ ልብሶች በትከሻቸው ተሸክመው ይገባሉ። ደረጃው ላይ የምትወጣው አንዷ እናቴን የምታውቅ አሮጊት ነበረች። ቀይ ብርሃኑ ነጩን ጨርቅ ያቀላዋል፣ ይተወዋል። ሸክሙ አንገቷን ስለተጫናት ቀና ብላ አላየችም።

በማግስቱ እህቴ ልጇን አዝላ ሱቅ መጣች። ከወለደች ወዲህ የመጀመሪያዋ ነው። አጎቴ አዳራሹ ሄዶ የተረሳ ባርኔጣውን ሊያመጣ ወጥቷል። ውጭ ቆማ መስኮቱን ለረጅም ጊዜ አየች፤ ከዚያ ገብታ፣

«አውርደው» አለችኝ።

አወረድኩት። ጀርባውን ፈትቼ ወረቀቱን አወጣሁ። አቧራው ከመጀመሪያው ፊደል ሥር ተጋግሮ ነበር፤ በብሩሽ አነሳሁት።

«ትርጉሙን ቁረጠው።»

ቀዩን ጥያቄ ቆረጥኩ፣ የባሕር ማዶውን ቆረጥኩ፣ የተረሳችዋን ቆረጥኩ። ስሙ ብቻ ሲቀር ወረቀቱ የእጅ መዳፍ የምታህል ሆነች። ለሷ የሚሆን መስታወት ቀጥ አድርጌ ቆረጥኩ፣ ጠርዙን ሞረድኩ፣ በቀጭን እንጨት አሰርኩት። እህቴ በነጠላዋ ጠቅልላ ያዘችው።

«የት ልትሰቅይው ነው?»

«አልሰቅለውም፤ ሴትዮዋ ታየዋለች። ቁም ሣጥን ውስጥ ነው የማስቀምጠው፣ ከልጄ ልብስ ሥር።» ከዚያ በትከሻዋ በኩል ወደ ኋላ ዞር ብላ ልጇን በእናታችን ስም ጠራቻት፣ ቀስ ብላ። ልጅቷ ጭንቅላቷን አነሳች። «ቤት ማንም ከሌለ በዚህ ነው የምጠራት» አለችኝ። «ዕንቁ ሲሏት ግን ዞራም አታይ።»

አጎቴ ባርኔጣውን አድርጎ ሲመለስ እህቴ ከሄደች ቆይታለች። በሩ ላይ ቆሞ ባዶውን ምስማር አየ።

«ማን አወረደው?»

«ባለቤቶቹ።»

ይቆጣል ብዬ ጠብቄ ነበር። አልተቆጣም፤ ወንበሩን ስቦ ተቀመጠ። «ለነገሩ ከእንግዲህ አይሆንም ነበር» አለ። «ከተማው ሁሉ ጣሪያ ላይ እያነበበው መስኮት ላይ የተረሳች ብለህ አትጽፍም። ሌላ ያስፈልገናል። ማንም የማይጠራበት፣ ባለቤቱ መጥቶ የማይጮህብን።» ጣቱን ጠረጴዛው ላይ እያንኳኳ አሰበ። እኔ መስታወት መቁረጫውን ይዤ ሥራዬ ላይ አቀረቀርኩ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ማንኳኳቱ ቆመ። ቀና ስል እያየኝ ነው።

«ያንተን ስም» አለ፣ «እዚህ አካባቢ ሌላ ሰው ሲጠራበት ሰምቼ አላውቅም። አንተ ትሰማለህ?»

መነጽሩን አፍንጫው ጫፍ ላይ አወረደና ቀስ ብሎ ጫማዬን አየ።